ዳኛው የሰጠው ሠላሳ ቀን

ይድረስ ለወንድሜ ለይግዛው፣ ደብረ ታቦር። የቤተ ልሔሟ እመቤት በጤና ታቆይህ፤ እኛ ደኅና ነን።

ገብሱ ታጭዷል፤ ላማችን ቦራም ወልዳለች። የአያታችን ርስት ይሰጠን ብለን ያመለከትንበት ወረቀት ግን ሦስት ዓመት ሙሉ በወረዳው ሹም ጠረጴዛ ላይ ተኝቷል። አባባ ሹሙን ቢከሱት ዳኛው «በሠላሳ ቀን ውስጥ ወይ ይስጥ፣ ወይ ይከልክል» ብሎ አዘዘ። ያ የማያፍር ሹም ትእዛዙን አንብቦ ሳቀ። «እንግዲያ ዳኛው መጥቶ ይረስልህ!» አላቸው፣ ሽማግሌውን፣ በሰው ፊት! እጁ ይድረቅ!

ሠላሳው ቀን ትናንት አለፈ። እኔ ስራገም አባባ የንስሐ አባታቸውን አስጠርተው ተናዘዙ፤ ከብቱን አካፈሉን፤ ምንሽር ጠመንጃቸውን ወለወሉ። ለመጪው ዓርብ ገበያ እወርዳለሁ ይላሉ፤ ሹሙም ከዚያ ገበያ ቀርቶ አያውቅም። የሚሸጥ ነገር ግን አላዘጋጁም።

ፈቃድ ለምነህ ሐሙስ ሳያልፍ ድረስልኝ። ወላዲተ አምላክ መንገድህን ታቅናልህ።

እኅትህ ደጊቱ