«አገልግሎቱ የማይታወቅ» ተብላ ስለተያዘች እንጨት

ለሳንት ሲልቬር ወረዳ የአደንና የዓሣ ሀብት ቁጥጥር ጽሕፈት ቤት ኃላፊ
ሉዊዚያና

ቀን፦ ዲሴምበር 9 ቀን 2019

አመልካች፦ ቴዮዤን ባቢኖ፣ ዕድሜ 74፣ ቀድሞ ጀልባ ጠጋኝ የነበርኩ፣ ሚስቴ የሞተችብኝ
አድራሻ፦ ከቤተ ክርስቲያኑ በታች፣ ከውኃው ዳር ሦስተኛው ቤት

ጉዳዩ፦ በኤግዚቢትነት የተያዘው የአደን ጠመንጃዬ በዝገት እንዳይበላ ስለማመልከት፣ ከእሱ ጋር የተያዘችው እንጨትም እንዳትጣልብኝ ስለመለመን

ክብርት ኃላፊ ሆይ፣

ከሁሉ አስቀድሜ ጥፋተኛ መሆኔን አምናለሁ። አቤቱታ የሚጽፍ ሰው ሁሉ «እኔ ንጹሕ ነኝ» ብሎ ስለሚጀምር፣ ይህኛው የተለየ መሆኑን አውቀው እስከ መጨረሻው እንዲያነቡልኝ ብዬ ነው። ጃንዋሪ 14 ቀን ፍርድ ቤት ቀርቤ የሚባለውን እቀበላለሁ። የምጽፈው ስለ ቅጣቱ አይደለም።

1ኛ/ ኖቬምበር 16 ቀን፣ የዳክዬ አደን በተከፈተበት ቅዳሜ ጠዋት፣ ከሟች ባለቤቴ ወንድም ከአልሲድ ጋር ረግረጉ ውስጥ ተቀምጠን ነበር። የባለቤቴ የኤሎዲ ሙት ዓመት በማግስቱ እሑድ ስለነበረ፣ እንደ አገራችን ልማድ የዓመቱ የመጀመሪያ ዳክዬዎች በእሷ ስም ተሠርተው ከቅዳሴ በኋላ ለሰው እንዲቀርቡ አስበን ነው። ዳክዬ ለማታለል ከእንጨት የተቀረጹ አሥራ ስምንት ዳክዬዎች ውኃው ላይ አስቀምጠናል። ይሁን እንጂ በዚያ ጠዋት በማታለል የበለጡን የቢሮዎ ተቆጣጣሪ ሚስተር ዳልተን ሪቭስ ናቸው፤ ከነጀልባቸው ሸምበቆ መስለው አንድ ሰዓት ሙሉ ከጎናችን ቆመው ኖሯል። ይህን ችሎታቸውን ሳልመሰክር አላልፍም።

«እንደምን አደራችሁ ጌቶቼ፣ እስቲ ጠመንጃዎቹን ልያቸው» አሉ። ሕጉን አውቀዋለሁ። የሚፈልስ ወፍ የሚያድን ሰው ጠመንጃው ከሦስት ጥይት በላይ መያዝ የለበትም፤ ሁለት በካዝናው፣ አንድ በአፈሙዙ። የእኔ በተፈጥሮው አምስት ይይዛል። ስለዚህ ካዝናው ውስጥ ጠመንጃው ሳይፈታ የማይወጣ አንድ ወጥ ውታፍ መግባት አለበት። የአልሲድ ጠመንጃ በካዝናው ሁለት የመሞከሪያ ጥይት ዋጠና ሦስተኛውን አልቀበልም አለ። የእኔ ተራ ደረሰ። ሁለቱ ገቡ። ሦስተኛውም ገባ። አራተኛውም ሲገባ የሚስተር ሪቭስ ፊት ለመጀመሪያ ጊዜ እንደሚቆርብ ሕፃን በራ።

«አባባ፣ ውታፉ የታለ?»

«ኪሴ ውስጥ ነው» አልኩና ከሸሚዜ ኪስ፣ ከመቁጠሪያዬ ጋር የነበረችውን እንጨት አወጣሁ።

«ኪስ ውስጥ ያለ አይቆጠርም አባባ።»

አልሲድ ዝም ቢል ጥሩ ነበር፤ ዝም የሚል ሰው ግን አይደለም። «ቴዮ፣ ሱሪህንስ ለብሰኸዋል? ወይስ እሱንም ኪስህ ነው የከተትከው?» አለኝ። ሚስተር ሪቭስ ሳቁን በሳል ሸፈኑ። ከዚያም ጠመንጃውን፣ አራት ዳክዬዎቼንና እንጨቷን ወሰዱ። የኤሎዲ ዝክር በአልሲድ ሁለት ዳክዬዎችና በብዙ ቋሊማ ተወጣ። የመጣው ሰው ጨዋ ስለሆነ ቋሊማውን አመሰገነ።

2ኛ/ እንጨቷ ኪሴ ምን ትሠራለች ለሚለው። በእኛ ዘንድ ኖቬምበር 1 ቀን የቅዱሳን ሁሉ በዓል ሲደርስ መቃብር በኖራ ይቀባል። ከመቃብር ስንመለስ እጃችንን ታጥበን፣ ጠረጴዛው ላይ አሮጌ ጨርቅ አንጥፈን ጠመንጃውን ለአደን እናዘጋጃለን። ከኤሎዲ ጋር አርባ አንድ ዓመት እንዲህ አደረግን። ፈቺው እኔ፣ ወልዋዩ እኔ፤ ገጣሚዋ ግን እሷ ነበረች። እኔ ስገጥም ሁልጊዜ አንድ ነገር ተርፎ ጠረጴዛው ላይ ይቀራል። «አንተ ሰው፣ እግዚአብሔር አዳምን ሲሠራ አንተ አጠገቡ ብትኖር ኖሮ ጉልበት አይኖረንም ነበር» ትለኝ ነበር።

እንጨቷን የሠራችው እሷ ናት። ከፋብሪካ የመጣው የፕላስቲክ ውታፍ ውኃ ውስጥ በወደቀብኝ ዓመት፣ ከአባቷ የተሰበረ መቅዘፊያ ላይ ቆርጣ፣ በቢላ ጠርባ፣ በጋለ ምስማር በፈረንሳይኛችን ጻፈችባት፤ «ሦስት ይበቃሃል። ሥላሴም አልጨመሩ።»

ዘንድሮም መቃብሩን ቀባሁ። ጠመንጃውን ፈታሁ። ወለወልኩ። እንጨቷን ይዤ ተቀመጥኩ። ወደዚያ ቱቦ፣ ወደዚያ ጨለማ መልሼ ልከታት ስል እጄ እንቢ አለኝ። ኤሎዲን ባለፈው ዓመት አንድ ጊዜ ከትቻታለሁ። ስለዚህ ሌላውን ሁሉ ገጣጥሜ እንጨቷን ኪሴ ጨመርኳት። እነሆ፣ አሁንም አንድ ነገር ተርፎ ቀረ።

3ኛ/ ዋናው ጉዳዬ እዚህ ላይ ነው። ከቢሮዎ የተሰጠኝ የመረከቢያ ቅጽ እንዲህ ይላል፦ «ጠመንጃ፣ አንድ፣ ውታፍ የሌለው። ዳክዬ፣ አራት። ዘንግ እንጨት፣ አንድ፣ የማይታወቅ ጽሑፍ ያለበት፣ አገልግሎቱ የማይታወቅ።»

ክብርት ሆይ፣ ይህን ሦስት ጊዜ አነበብኩት። ጠመንጃዬ ውታፍ የለውም ተብሎ ታሰረ። ውታፉም አብሮት ታስሯል። አንድ ክፍል ውስጥ፣ ምናልባትም አንድ መደርደሪያ ላይ ናቸው። ቢሮዎ ግን አንደኛውን «ውታፍ የሌለው»፣ ሁለተኛውን «የማይታወቅ» ብሎ መዝግቧቸዋል። ፈቃድ ለማደስ ስመጣ ደግሞ ከጸሐፊዋ ራስ በላይ ባለው ሰሌዳ ላይ የውታፍ ሥዕል ተለጥፎ አያለሁ፤ በቀይ ቀስት ተመልክቶ፣ «ይህን ያውቁታል?» የሚል ጥያቄ ተጽፎበታል። መልሱን ለቢሮው እተዋለሁ።

ይህ ብቻ ቢሆን ስቄ እተወው ነበር። ዲሴምበር 3 ቀን ሌላ ደብዳቤ ደረሰኝ። ለፍርድ የማይፈለጉና ዋጋ የሌላቸው ዕቃዎች ዲሴምበር 20 ቀን ይወገዳሉ ይላል። ከዝርዝሩ ሁለተኛው ላይ ዘንግ እንጨት፣ አንድ።

4ኛ/ ወዲያው ስልክ ደወልኩ። ማሽኑ ለፈቃድ አንድን ተጫን፣ ለዓሣ ሁለትን፣ እያለ እስከ ዘጠኝ ቆጠረልኝ። ዘጠኝን ስጫን ከመጀመሪያው ጀመረ። የእኔ ጠመንጃ ከሦስት በላይ በመቀበሉ ታስሯል፤ የቢሮው ስልክ ዘጠኝ ሲቀበል ውታፍ የሚከትበት አልተገኘም። በአካል ስመጣም የኤግዚቢት ክፍል ኃላፊው አደን ላይ ናቸው ተባልኩ። መልካም አደን ይሁንላቸው። ጠመንጃቸው ሦስት ብቻ እንደሚይዝ አልጠራጠርም።

5ኛ/ ስለ ጠመንጃው። በተያዘበት ጠዋት ጨዋማ ውኃ ነክቶታል፤ እኔም ሳልወለውለው ነው የተወሰደው። በዚያ ላይ ሚስተር ሪቭስ በለስላሳ ከረጢት ከተውት ሲሄዱ አይቻለሁ። ከረጢት እርጥበት ይዞ ብረትን በዝገት ያስበላል። ስለዚህ የቢሮው ሠራተኞች ሥራ ሳይበዛባቸው እንዲያደርጉት የሚከተለውን በትሕትና አስረዳለሁ።

መጀመሪያ ባዶ መሆኑን ይዩ፤ ካዩ በኋላ ደግመው ይዩ። ከካዝናው ጫፍ ያለውን ክዳን ሲፈቱ ሞላው ይዘልላል፣ በመዳፍ ይያዙት። እኛ ቤት አንድ ጊዜ ዘሎ የማእድ ቤቱን አምፖል ሰብሯል፤ ኤሎዲም በጨለማ ለረጅም ጊዜ ስትስቅብኝ ነበር። አፈሙዙን ለይተው በዘንግና በብሩሽ ከጥይት መግቢያው ወደ አፉ ይግፉ፤ ከአፉ ወደ ውስጥ የሚገፋ ሰው ቆሻሻውን ወደ ልቡ እየላከው ነው። ከዚያ ደረቅ ጨርቅ፤ ጨርቁ ነጭ ሆኖ እስኪወጣ ድረስ። በመጨረሻ ዘይት፣ ጥቂት። ብዙ ዘይት አቧራ ይሰበስባል። የጣት አሻራም ላብ ነው፣ ላብም ዝገት ነው፤ የነኩትን ሁሉ መጥረግ ያስፈልጋል። ሥራው ግማሽ ሰዓት አይፈጅም። ስልካችሁን ያዳመጥኩት ከዚያ በላይ ነው።

6ኛ/ እስካሁን የጻፍኩትን ለአባ ሌኦ አነበብኩላቸው። እኒህ የንስሐ አባቴ ናቸው። ስቀው ስቀው ዓይናቸውን ጠረጉ። ከዚያ «ቴዮዤን፣ የቢሮውን ኃጢአት በደንብ ቆጥረሃል። ያን ጠዋት በአንድ ጊዜ ስንት ጥይት ከተትህ?» አሉኝ።

«ሦስት፣ አባ።»

«ስንት አማረህ?»

ይህን ለቢሮ መጻፍ እንደማይገባ አውቃለሁ። ነገር ግን አቤቱታው ላይ ያለው ነገር ሁሉ እውነት ነው ብዬ የምፈርመው እኔ ነኝ። ሦስቱን ተኩሼ አንድ የቆሰለ ዳክዬ ወደ ሸምበቆው ሲንፏቀቅ እጄ ወደ ጥይት ቀበቶዬ ሄዷል። አራት ጥይት ጨብጫለሁ። ውታፉ እንደሌለ፣ ከሦስቱ አልፌ መክተት እንደምችል አስታውሻለሁ። ለኤሎዲ ዝክር ነው፣ ማን ያየኛል ብያለሁም። የመለስኳቸው ዳክዬው ራሱ ስለሞተ እንጂ እኔ ስለታረምኩ አይደለም። ሚስተር ሪቭስ ሸምበቆ ውስጥ ሆነው ይህን አይተው ይሆን? ካዩ በክሱ ላይ አልጻፉትም። ስለዚህ በዚህ አቤቱታ የተሳለቅሁባቸውን ያህል አመሰግናቸዋለሁ፤ ከዚያ በላይ ግን አይደለም።

ኪስ ውስጥ ያለ አይቆጠርም ያሉትም ትክክል ነው። አንድ ዓመት ሙሉ መቁጠሪያዬም ኪሴ ውስጥ ነበር።

ስለዚህ ክብርነትዎን የምለምነው፦

ሀ/ እንጨቷ ዲሴምበር 20 ቀን ከሚወገዱት ዝርዝር እንድትወጣልኝ፤

ለ/ ጠመንጃው እስከ ፍርዱ ቀን ከከረጢት ወጥቶ፣ ተወልውሎና ዘይት ተቀብቶ እንዲቀመጥልኝ፤ ሠራተኛ ከጠፋ እኔው ራሴ መጥቼ፣ ሚስተር ሪቭስ እያዩኝ፣ እንድወለውለው እንዲፈቀድልኝ፤

ሐ/ መዝገቡ ላይ «አገልግሎቱ የማይታወቅ» የሚለው እንዲሰረዝልኝ። በምትኩ ምን ይጻፍ ቢባል፣ «ሰውን ከሦስት በላይ የምትከለክል» ቢባል አይበዛም።

እንጨቷን ለብቻዋ ለእኔ መስጠት ደንቡ አይፈቅድ ከሆነ አልከራከርም። ያኔ ቢሮው ወደ ቦታዋ ይመልሳት። ክዳኑን ፈትተው ከሞላው መሐል ያስገቧትና ክዳኑን መልሰው ያጥብቁት፤ ከዚያ ካዝናው ውስጥ ሦስተኛ ጥይት ይሞክሩ፤ አይገባም። አርባ አንድ ዓመት እሷ ነበረች የምታደርገው፤ ዘንድሮ እኔ ማድረግ ነበረብኝና አላደረግሁትም። ጽሑፉ በየት በኩል ይሁን ብለው አይጨነቁ። እዚያ ውስጥ የሚያነበው የለም፤ እኔ በቃሌ አውቀዋለሁ።

ከሰላምታና እስከ ዲሴምበር 20 ከሚቆይ ትዕግሥት ጋር፣

ቴዮዤን ባቢኖ
(ፊርማ)

አባሪ፦ የመረከቢያው ቅጽ ቅጂ፣ አንድ ገጽ፤ የጠመንጃ ዘይት፣ አንድ ትንሽ ጠርሙስ፤ ንጹሕ ጨርቅ፣ ሦስት