እሸቴ ያላየው ሕልም

ለተከበሩ ጓድ ዶክተር ገብረየስ
የሕልም፣ የጊዜና የተከለከለ ዕውቀት ጥናት አካዳሚ የበላይ ኃላፊ
ቦሌ

መጋቢት ፲፱ ቀን ፲፱፻፸ ዓ.ም.

የከበረ ሰላምታዬን በታላቅ ትሕትና እያቀረብሁ፣ ጤናዎ እንደምን ሰንብቷል? በተለይ እንቅልፍዎ እንዴት ነው? የሰው እንቅልፍ ሲመረምሩ የሚውሉ ሰው የራስዎ እንዳይጎድልብዎ እሰጋለሁ። እኔ የአካዳሚው አትክልተኛ የአቶ እሸቴ ባለቤት የሺአረግ ነኝ። ከአጥራችሁ ጀርባ ባለችው የጭቃ ቤት ሃያ ሁለት ዓመት ኖሬያለሁ። ትምህርቴ እስከ ስድስተኛ ክፍል ብቻ ስለሆነ የፊደል ግድፈት ቢገኝ ይቅር ይበሉኝ። የምጽፈው ላመሰግንዎት፣ ደግሞም በመጽሔታችሁ የወጣውን አንድ የሳይንስ ስሕተት በአክብሮት ለማረም ነው።

አንደኛ፣ ባለቤቴን ስላከበሩልኝ አመሰግናለሁ። ግቢው የባለጸጋ ቪላ በነበረበት ዘመን እሸቴን በስሙ የጠራው ሰው አልነበረም፤ «አትክልተኛው» ነበር። ቪላው ተወርሶ እናንተ ከገባችሁ በኋላ ግን፣ አንድ ቀን ጽጌረዳ እያጠጣ ሳለ «ይሄ ቧንቧ ሲፈነዳ አስቀድሜ በሕልሜ አይቼው ነበር» ቢልዎት እጁን ይዘው ሳሎን አስገቡት። ከዚያን ቀን ጀምሮ «አባባ እሸቴ» ሆነ። ጠዋት ጠዋት ሶፋ ላይ ይቀመጣል፣ ሻይ ይቀርብለታል፣ ረዳትዎ ጓድ አስመረት የቴፑን ቁልፍ ተጭነው «አባባ፣ ዛሬስ ምን አዩ?» ይሉታል። ቤት ሲገባ ደረቱን ነፍቶ ነበር። በሃምሳ ስድስት ዓመቱ ነው እንዲህ የተጠየቀው። ሚስቱ ሆኜ ጠይቄው የማላውቀው እኔ አፈርሁ።

ሁለተኛ፣ ስለ ትጋታችሁ። ሕልም እንደ ጎመን በየማለዳው የሚቀነጠስ መሰላችሁ። እሸቴ ምንም ያላየበት ሰሞን ጓድ አስመረት «አባባ፣ የጥናቱን ፕሮግራም እያጓተቱብን ነው እኮ» አሉት። በማግስቱ ጫማውን እያሰረ «የሺ፣ ዛሬም ባዶ አፌን ልሂድ?» አለኝ። ፊቱን ሳየው አንጀቴን በላው።

«የኔን ውሰድ» አልሁት።

ስሕተቱ የሚጀምረው ከዚህ ነው። ሌሊቱን በሕልሜ ልጃችንን ረታን ገርጂ አየሁት፤ በሩ ሰማያዊ ቀለም በተቀባ ጋጣ ውስጥ፣ አንድ ቀንዷ ከተሰበረ ነጭ ላም አጠገብ ቆሞ ከእጄ ዳቦ ይበላል። ይህንኑ ነገርሁት። እሸቴ ፈገግ ብሎ «ደግ ሕልም ነው፤ ዳቦ ጥጋብ ነው። ልጁ ባለበት አገር ደህና ነው ማለት ነው» አለ። እሱ የሚያውቀው፣ ረታ ወረቀት በትኗል ተብሎ ሲፈለግ ወደ ጅቡቲ መሻገሩን ነው። እንዲህ ብዬ የነገርሁት ራሴ ነኝ። እሸቴ መዋሸት የማይሆንለት ሰው ነው፤ የሚውለው ደግሞ እናንተ ግቢ ነው።

ሄደና ሶፋው ላይ ተቀምጦ፣ ደስ ብሎት፣ ሁሉንም ለቴፑ ነገረ። የላሟን ቀንድ እንኳ አልረሳም።

ሦስተኛ፣ ፍጥነታችሁን ሳላደንቅ ባልፍ ነውር ነው። የቀበሌያችን ውሃ ከተቋረጠ ስድስት ሳምንት ሆኖት መጥቶ የሚያየው አልተገኘም፤ ወደ ገርጂ ግን በማግስቱ ሁለት ላንድሮቨር ሄደ። ገርጂ እርሻና ግጦሽ ነው፤ ሰማያዊ በር ያለው ጋጣ አንድ ብቻ ነው። የጋጣው ባለቤት ሴትዮ ከረታ ጋር ተወስዳ እስካሁን አልተመለሰችም። ረታ ግን በአራተኛው ቀን ተመለሰልን፤ መንገድ ዳር አስተኝታችሁት አገኘነው። አሥራ ዘጠኝ ዓመቱ ነበር። ማልቀስ ክልክል ነው ስለተባልን አላለቀስንም። ለዚህ ጨዋነታችን ግን ምስጋና አልደረሰንም።

ለእሸቴ ደርሶታል፤ ይህን አልክድም። ሳምንት ሳይሞላ አዳራሽ ጠርታችሁ አጨበጨባችሁለት፤ ማንበብ ስለማይችል ስለ ምን እንደተጨበጨበለት ሳያውቅ እጅ ነስቶ ወጣ። የምስክር ወረቀቱን ያነበብሁለት እኔ ነኝ፦ «ነገን በሕልም አስቀድመው በማየት ተፈላጊን በማስያዝ ለአብዮቱና ለሳይንስ ላደረጉት አስተዋጽኦ»። መጽሔታችሁም የአካዳሚው ሦስቱ ክፍሎች ባንድ ድምፅ ሕልም የጊዜን አጥር እንደሚዘል ማረጋገጣቸውን ጻፈ። እሸቴ ወረቀቱን ጠረጴዛ ላይ አስቀምጦ «የሺ፣ እኔ ነኝ የገደልኩት?» አለኝ።

ከዚያ ወዲህ አልጋ ላይ አልወጣም። እግሩን ቀዝቃዛ ውሃ ውስጥ ነክሮ በርጩማ ላይ ይቀመጣል፤ ሲያሸልበው ይባንናል። ለምን እንደማይተኛ ብጠይቀው «ሣባን በሕልሜ ባያትስ?» አለኝ። ሣባ የአሥራ ሁለት ዓመት ልጃችን ናት።

እውነቱን ነገርሁት። «ሕልሙ የኔ ነው። ጋጣውንም አውቀው ነበር፤ ቅዳሜ ቅዳሜ ዳቦ የማደርስለት እኔ ነኝ» አልሁት። ራሱን ነቀነቀ። «እንድተኛ ብለሽ ነው። እነሱ እኮ ማኅተም አድርገውበታል» አለ።

እንግዲህ፣ የተከበሩ ጓድ ዶክተር፣ እርማቱ ይህ ነው። ሕልሙ ነገን አላየም፤ ያየው ያለፈውን ቅዳሜ ነው። ላሚቱን በዓይኔ አይቻታለሁ፣ ሰማያዊውን በር በእጄ ከፍቻለሁ። ታላቁ ግኝታችሁ አንዲት እናት ልጇን ናፍቃ በሕልሟ ማየቷ ነው፤ ይህን ለማወቅ ከሰፈራችን የትኛዋንም ሴት መጠየቅ ይበቃ ነበር። ተፈላጊ ደብቄአለሁ፣ መግቤአለሁ፣ ለባሌ ዋሽቻለሁ። አፌን አለመዝጋቴን ግን በክሱ ውስጥ አታስገቡት፤ በዚያ የምቀጣው እኔው ራሴ ነኝ። እሸቴ ምንም አያውቅም ነበር። ይህንኑ በአካዳሚው ማኅተም አረጋግጠው አንድ ቅጂ እንዲልኩለት በትሕትና እለምናለሁ፤ ከእኔ ቃል ይልቅ የእናንተን ማኅተም ያምናልና።

ዕድሜዎ እንዲረዝም፣ የወለዷቸውም ሁሉ ማታ ማታ በየአልጋቸው እንዲገኙልዎ የምትመኝ፣
የሺአረግ፣ የረታ እናት
ከአካዳሚው ጀርባ፣ የቤት ቁጥር ፪፻፲፬

ማሳሰቢያ፦ ማኅተሙ ይቅር። ይህን ደብዳቤ በራችሁ ላይ ከመለጠፌ በፊት ዛሬ ረፋድ ላይ ለእሸቴ አነበብሁለት። «ስምሽን ጽፈሻል?» አለ። ጽፌአለሁ አልሁት። «የቤት ቁጥሩንም?» እሱንም። ከዚያ እዚያው ግድግዳውን እንደተደገፈ እንቅልፍ ወሰደው፤ እስከ ዘጠኝ ሰዓት ተኛ። ሲነቃ የሣባን ልብስ በጋቢው ቋጥሮ፣ እጇን ይዞ ወጣ። ወዴት እንደሄዱ አልጽፍም፤ ቦታ መናገር ምን እንደሚያመጣ ከእናንተ ተምሬአለሁ። መኪናችሁ ሲመጣ የሚያገኘው እኔን ብቻ ነው። በሩ ክፍት ነው፤ እባካችሁ አትስበሩት።