የክቡር አባቴ የሕይወት ታሪክ

ኢንዲያና፣ ሐምሌ 1847 እ.ኤ.አ.

ለምወድሽ እናቴ፣

እንዴት ከረምሽልኝ? ሳሉ ለቀቀሽ? ስፌቱስ ዓይንሽን አላደከመውም? እኔ ደህና ነኝ፤ ቁመቴ ጨምሮ አምና የላክሽልኝ ቀሚስ አጥሮኛል። አክስቴ ሉሲንዳም እንደምታውቂያት ናት፤ ስታዛጋ እንኳ የተቆጣች ትመስላለች።

አባዬ የኢንዲያና ምክር ቤት አልበቃው ብሎ ለዋሽንግተኑ ምክር ቤት እየተወዳደረ ነው። ለዚህም የሕይወት ታሪኩ በወዳጁ በአቶ ቶርንዳይክ ጋዜጣ ሊወጣ ነው። እሱ እየተንጎራደደ ይናገራል፣ እኔ እጽፋለሁ። የእጅ ጽሑፍሽ ያምራል ይለኛል፤ ስለ እኔ የሚያውቀው ይህንኑ ብቻ ነው።

«በግንድ ጎጆ ተወለደ በዪ» አለኝ። የአያቴ ቤት ባለ ሁለት ፎቅ የጡብ ቤት እንደነበር ከተማው ሁሉ ያውቃል፤ ግን ዘንድሮ በድሃ ግንድ ጎጆ ያልተወለደ ሰው ማን ይመርጠዋል? ቀጥሎ በአሥራ ሁለት ዓመቱ ድብ ገደለ። የጎረቤት አሳማ ግቢ ሲገባ አጥር ላይ የሚወጣው ሰውዬ! ከዚያ ጠበቃ ሆኖ ለመበለቶች በነፃ ቆመ። የመበለቷ የወይዘሮ ጉድናው መሬት ላይ ዛሬ የማን በቆሎ እንዳለ አንቺ ታውቂያለሽ። ሁሉንም እንደነገረኝ ጻፍኩ።

አንቺ ጋ ስንደርስ ዘሎ ያልፍሻል ብዬ ነበር። ከሦስት ዓመት በፊት ምክር ቤቱ በድልድይ ሥራ ሕግና በተኩላ አዳኞች ሽልማት ሕግ መካከል አንቺን የሚፈታበትን ሕግ እጅ አውጥቶ እንዳጸደቀለት፣ አንቺም ነገሩን ከጋዜጣ ላይ እንዳነበብሽው መቼም አይናገርም። እሱ ግን ኮቱን አስተካክሎ፣ ድምፁን ሰበር አድርጎ፣ «በዚያ ዓመት ውድ ባለቤቱን እግዚአብሔር ወሰደበት» አለ።

ብዕሬ ቆመ።

«ምን ገተረሽ? ጻፊ እንጂ!»

«አባዬ፣ እማዬ እኮ አለች» አልኩት።

«ያለችው ሲንሲናቲ ነው። ሲንሲናቲ ደግሞ ኦሃዮ ነው። ኦሃዮ እኔን አይመርጥም» አለኝ።

አክስቴም ከበሩ ላይ ሆና፣ «ሚስት የሞተችበት ድምፅ ያገኛል፤ ሚስቱን ያባረረ በእንቁላል ይመታል። አንቺ ልጅ፣ አትሟገቺ፤ የቤቱ ጠበቃ እሱ ነው» አለችኝ።

ጻፍኩት፣ እናቴ። በገዛ እጄ ጻፍኩት። እሱም ሕጎቹን እንደሚያጸድቀው ሁሉ ሳያነብ ፈረመበትና ለአቶ ቶርንዳይክ አድርሺ ብሎ ሰጠኝ።

ታውቂኛለሽ፤ ሱቅ ገብቼ ክር ለመጠየቅ እንኳ ጆሮዬ ይግላል። ያን ቀን ግን የአቶ ቶርንዳይክን በር አልፌ፣ አደባባዩን ተሻግሬ፣ የአባዬን ተቃዋሚዎች ጋዜጣ ወደሚያትመው ሰው ማተሚያ ቤት ገባሁ። እጁን እስከ ክርኑ ቀለም ነክቶታል። «ምን ልታዘዝ፣ የኔ ልጅ?» አለኝ። የአባዬን ታሪክ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጥኩለት፤ ከላዩም ባለፈው ሳምንት የጻፍሽልኝን ደብዳቤ፣ ቀኑና ፊርማሽ ያለበትን። ለማንም አላሳይም ብዬሽ ነበርና ይቅር በዪኝ።

ሰውዬው ሁለቱንም አነበበና ወንበር ሳበልኝ። «ይኼ ከወጣ በኋላ አንቺ የት ልታድሪ ነው?» አለኝ።

ጋዜጣው የሚወጣው ቅዳሜ ነው። ወደ ሲንሲናቲ የሚሄደው መርከብ ዓርብ ጠዋት ይነሳል። አልጋሽ ጠባብ መሆኑን ጽፈሽልኛል፤ እኔ ስተኛ አልገላበጥም።

እግዚአብሔር ደረትሽን ይጠብቅልኝ፣ ዕድሜሽንም ያርዝምልኝ።

እናት ያላት ልጅሽ