ሰሊጡ ለምን ታጨደ ብለው ለጠየቁን ኃላፊ

ለተከበሩ አቶ አንዱአምላክ
የከተማችን የፊልም ሥራዎች ፈቃድ ክፍል ኃላፊ
ባሉበት

ከሁሉ አስቀድሜ የከበረ ሰላምታዬ ይድረስዎ። ጤናዎ፣ ወንበርዎና ከወንበርዎ ጀርባ ያለው የአየር ማቀዝቀዣ ሁሉም እንደምን ሰነበቱ? እኛ አልሐምዱሊላህ ደህና ነን፤ ሙቀቱ ሲብስብን የእርስዎን ክፍል እያሰብን እንቀዘቅዛለን።

እኔ ፈሀድ አብዱረሕማን የአሥራ አንደኛ ክፍል ተማሪና የዋሲላ አብዱረሕማን ታናሽ ወንድም ነኝ። ዋሲላን መቼም አይረሷትም። ነሐሴ ላይ ወባ የወሰደብን፣ በለቅሶው ድንኳን ተገኝተው «የቆላችን ኮከብ» እያሉ ሃያ አምስት ደቂቃ ሙሉ የተናገሩላት እህቴ ናት። ጥቅምት ሃያ ስምንት ቀን ደግሞ በዚያው በተከበረ እጅዎ ፈርመው፣ «መሪ ተዋናይት ወይዘሪት ዋሲላ በአሥር ቀን ውስጥ በአካል ቀርበው ስህተቱን እንዲያርሙ፣ ካልሆነ ማመልከቻው ይዘጋል» የሚል ደብዳቤ ልከውላታል። አሥር ቀን ስለሰጧት እናመሰግናለን፤ መንገዱ ሩቅ መሆኑን ማሰብዎ ነው።

ደብዳቤውን የተቀበለችው እናቴ ረፊቃ ናት። ማንበብ ስለማትችል ክቡን ማኅተም አይታ ወደ እኔ ሮጠች፤ «ምን ይላል ልጄ? የእህትህን ፊልም ፈቀዱላት?» አለችኝ። ከነሐሴ ወዲህ ጥርሷን ያየሁት ያን ቀን ነበር። እኔም «አዎ እማ፣ ፈቅደዋል» አልኳት። እልልታዋን የሰማ ጎረቤት ሁሉ ግር ብሎ መጣ። ስለዚህ ክቡርነትዎ ሳያውቁት ፈቅደዋል፤ እንኳን ደስ አለዎት! አሁን የቀረው ፊርማዎ ብቻ ነው። ከፊርማው በፊት ግን ለዋሲላ ስላደረጉላት ውለታ በተራ ቁጥር ላመስግንዎ።

1ኛ. ስለ በርዎ። ዋሲላ የመጀመሪያ ፊልሟን ስትሠራ ስልኳን በትራክተር አፍንጫ ላይ በጎማ ቁራጭ አስራ፣ የእናቴን ቶብ ከራሷ እስከ እግሯ ተከናንባ፣ ሽንፋ ወንዝ ዳር ሙሽራ ሆና ነበር። ፊልሙ ሸሕዲ በሚገኝ አንድ ቪዲዮ ቤት በሁለት የኳስ ጨዋታዎች መካከል ታየ። ሁለተኛው ጨዋታ ሲጀመር ኳስ ሊያዩ የመጡት ወንዶች «ኧረ ቆይ! ልጅቷ ታግባና!» ብለው ጮኹ። ሦስት ፊልም እንዲህ ሠርታ በአራተኛው ወደ እናንተ መጣች፤ ቪዲዮ ቤቶቹ ከእንግዲህ ያለ ፈቃድ ወረቀት አናሳይም ብለዋታልና። ከታኅሣሥ እስከ ሐምሌ ዘጠኝ ጊዜ ተመላለሰች። ዘበኛው ወዳጇ ሆኖ «ዋሲላ፣ ዛሬም ስብሰባ ናቸው፤ ቁጭ ብለሽ ጠብቂ እንዳልልሽ ወንበሩም ስብሰባ ሄዷል» ይላት ነበር። እሷ ቤት ገብታ ይህን እያስመሰለች ስትነግረን አባቴ ሳይቀር በሳቅ ወደቀ። ቤታችንን እንዲህ ስላሳቁልን እግዜር ይስጥልን።

2ኛ. ስለ ፖድካስቱ። ዋሲላ «ጆንያ ስር» የሚለውን ፖድካስቷን የምትቀዳው መጋዘን ውስጥ በሰሊጥ ጆንያዎች መካከል ተቀምጣ እንደነበር ያስታውሳሉ፤ ሙሉ ጆንያ የመኪናውንም የመንገዱንም ጩኸት ይውጣል። ሾፌርም፣ አጫጅም፣ ከድንበር ማዶ የሚመጣ ነጋዴም እዚያ ቁጭ ብሎ ሆዱን ይዘረግፍላት ነበር። እርስዎም መጥተው ስለ ራስዎ ሃምሳ ደቂቃ አወሩ። «በሬ ለወጣት ክፍት ነው» ያሉት አርባ ሦስተኛው ደቂቃ ላይ ነው። አንድም ቃል ሳትቆርጥ አወጣችው፤ ለትልቅ ሰው ያላት አክብሮት እስከዚህ ድረስ ነበር።

3ኛ. ስለ ሰሊጡ። ኮሚቴዎ እንደጻፈው፣ አምና በአጨዳ ወቅት በተቀረጸው በአራተኛው ፊልም ዋሲላ ደረበን «አግባኝ» ስትለው ከጀርባው ሰሊጡ ቆሟል፤ እሱ «እሺ» ሲል ግን ሰሊጡ ታጭዶ፣ ታስሮ፣ ነዶው በሂላ በሂላ ተከምሯል፤ ይህም «ከባድ የቀረጻ ስህተት ስለሆነ በቆመ ሰሊጥ እንደገና ይቀረጽ» ተብሏል። ክቡር ሆይ፣ ለቆላ ሰው ይህን ማስረዳት እንዴት ያሳፍራል! የደረሰ ሰሊጥ ቀን አይሰጥም፤ ካላጨዱት አፉን ከፍቶ መሬት ላይ ይረግፋል። ባለእርሻው ቀረጻውን የፈቀደው አጫጆቹ ለደቂቃ እንኳ እንዳይቆሙ አስጠንቅቆ ነው። ደረበ ከጎጃም ለአጨዳ የወረደ ሰው እንጂ ተዋናይ አይደለም፤ «እሺ» የምትለዋን አንዲት ቃል በአሥራ ስድስተኛው ሙከራ እስኪላት ድረስ ከጀርባው አርባ ሰው እርሻውን ጨረሰው። ዋሲላ ዞር ብላ ስታይ ሆዷን ይዛ መሬት ላይ ተንከባለለች። «እንዳትነኩት! ወላሂ እንዲህ ያለ ነገር ብጽፈውም አይመጣልኝ! እሱ ሲያመነታ አዝመራው አለቀ!» አለች። የፊልሙን ታሪክም ያን ቀን ማታ እሱ እስኪወስን አዝመራው የሚያልቅበት አድርጋ ለወጠችው። በኅዳር የቆመ ሰሊጥ ያለበትን ማሳ ኮሚቴዎ ካወቀ ግን አድራሻውን ይላኩልን፤ ዋሲላ ባትኖርም አገር ሁሉ ሊያየው ይጓጓል።

4ኛ. ስለ ደረበ። ዘንድሮም ለአጨዳ ወረደ። መሞቷን አልሰማም ነበር። ሱቃችን በር ላይ ቆሞ፣ «እቱ ዋሲላስ? ፊልማችን አልወጣም? ለእናቴ ተዋናይ ሆኛለሁ ብያት አላምን አለች እኮ» አለኝ። ነገርኩት። ማጭዱን መሬት ላይ ጥሎ ደጃፉ ላይ ተቀመጠ። ከዚያ ግን አምና «እሺ» ለማለት የፈጀበት ጊዜ ትዝ ብሎት ይሁን አላውቅም፣ ሁለታችንም እያለቀስን ሳቅን፤ ማቆም አቃተን። ደረበና ሌሎቹ አጫጆች የፊታችን እሑድ ጠዋት ከሸሕዲ አውቶቡስ ይዘው ወደ ደጋ ይወጣሉ። የቪዲዮ ቤቱ ባለቤት ቅዳሜን ያለ ኳስ ሰጥቶናል፤ የሚጠብቀው ያችን ወረቀት ብቻ ነው። ቅዳሜ ካለፈ ፊልሙ ውስጥ ያሉት አርባ ሰዎች ፊታቸውን ሳያዩ ይበተናሉ፤ የከርሞውን ደግሞ አላህ ያውቃል።

ከእግርዎ በታች ካለው ምንጣፍ እስከ ጣሪያዎ ድረስ ለመላው ጽሕፈት ቤትዎ ያለኝን ወሰን የሌለው አክብሮት እየገለጽኩ፣ ለቅዳሜው ፊልም ከፊት ረድፍ አንድ ወንበር የያዝኩልዎ፣

ታዛዥዎ
ፈሀድ አብዱረሕማን

ማሳሰቢያ፦ እናቴ ዓርብ ጠዋት አሥራ አምስት የሰፈር ሴቶች አስከትላ ስለ ፈቃዱ ልታመሰግንዎ ወደ ቢሮዎ ትመጣለች። ልከለክላት ሞክሬ አልቻልኩም። ያልፈረሙ እንደሆነ እውነቱን እርስዎ ይንገሯት፤ እኔ አንድ ጊዜ ሞክሬ አፌ እንቢ ብሎኛል፣ እርስዎ ግን ንግግር እንደሚያውቁበት በለቅሶው ድንኳን ሰምተናል።