ከእናትሽ አልጋ በላይ ያለው ካሜራ

«እናቴ፣ ቀዩን ክኒን ረሱት እኮ!»

ልጄ፣ ጤናና ሰላም ካለሽበት አይራቁ። ከላይ ያለውን ቃል በቃል የጻፍኩልሽ፣ አንቺ ከሰቀልሽው ካሜራ ማክሰኞ ጠዋት የወጣ፣ የማላውቀው ወንድ ድምፅ ስለሆነ ነው። እናትሽ አንቺ የቀጠርሽላት ሰው መስሏት «እሺ የኔ ልጅ» ብላ ዋጠችው። የሚያንገበግበኝ እውነቱን መሆኑ ነው፤ በእርግጥም ረስታው ነበር።

የጠራሁት የኢንተርኔት ሠራተኛ ካሜራውን አይቶ ሳቀ። «ጋሼ፣ የይለፍ ቃሉ ከፋብሪካ እንደመጣ ነው፤ ማንም ከየትም ሆኖ ይገባል» አለኝ። የተመዘገበው በአንቺ ስልክ ስለሆነ እኔ ልቀይረው አልችልም።

ካሜራውን ልነቅል እጄን ስዘረጋ እናትሽ «አንተ ሥራ ስትሄድ ብወድቅ ማን ያየኛል?» አለችኝ። እንደተሰቀለ ተውኩት። አሁን ልብሷን የምቀይርላት አንሶላ ጋርጄ ነው፤ በገዛ ቤታችን የምናወራውም በሹክሹክታ ሆኗል።

የመታጠቢያ ቤቱ ቧንቧ ተጠግኗል፤ ሌላው ሁሉ ደህና ነው።

ሁለቴ ደውዬልሽ ሁለቴም «እሺ አባዬ» ብለሻል። እሺታሽ አልበቃኝም። ፈጣሪ በሄድሽበት ይከተልሽ፤ አንቺም የይለፍ ቃሉን ዛሬውኑ ቀይሪና መቀየርሽን እስከ መጪው አርብ ድረስ በጽሑፍ አሳውቂኝ። በካሜራው በኩል እንዳትነግሪኝ፤ ሰውየው ይሰማል።

አባትሽ