ማንኪያ የተቀመጠበት ሳህን

ለትንሹ ወንድሜ፣

ጤናህ እንዴት ነው? ሐኪሞቹስ ስለ ልብህ ምን አሉህ? ፎቶግራፍህን ጋዜጣ ላይ አይቼ ከስተህብኝ አዘንኩ። እኔ እግሬን ከማመሙ በቀር አለሁ፣ እግዚአብሔር ይመስገን። ድንቹን ለቅሜ ምድር ቤት አስገብቻለሁ፤ ዝናቡ ግን አልተወንም።

ደብዳቤህ ደርሶኛል። ለማንም ሳላስነብብ ራሴ አነበብኩት። የቤተ መጻሕፍቷ ሠራተኛ ዳንጉዎሌ በሃምሳ ሁለት ዓመቴ ፊደል ስታስቆጥረኝ፣ አሁን ምን ያደርግልሻል ብትለኝ ወንድሜ የጻፈውን ላነብበት ነው አልኳት። ሦስቱንም መጻሕፍትህን በጣቴ እየተከተልኩ ጨርሻለሁ። ሞስኮ ስለ መማርህ፣ የመጀመሪያው ፊልምህ ታግዶ ስምንት ዓመት ቁም ሳጥን ውስጥ ስለ መቆለፉ፣ ስለ ተሸለምከውም ሁሉ የማውቀው ከዚያ ነው።

አሁን ደግሞ የራስህን ሕይወት እየጻፍክ ነው። የዚያን የልደት ዋዜማ ነገር ከእኔ መስማት ፈልገህ፣ ለሰውየው ስትነግሪው ምን ተሰማሽ ብለህ ጠየቅኸኝ። በመጨረሻው ምዕራፍ ይቅር እንደምትለኝም ነገርከኝ። እዚያ ላይ ስደርስ ወረቀቱን አጥፌ አሳማዎቹን ላበላ ወጣሁ።

ስለዚያች ማታ የሠራኸውን ፊልም ባህል አዳራሽ ሲያሳዩን ከጎረቤቴ ከባርቦራ ጎን ተቀምጬ ነበር። መብራቱ ሲበራ፣ ያቺ ልጅ አንቺ ነሽ አይደል፣ ለመሆኑ አንቺ እንዲህ ቆንጆ የነበርሽው መቼ ነው ብላ ሳቀችብኝ። ቀጥላ ድምጿን ዝቅ አድርጋ፣ እውነት ነው እንዴ አለችኝ። ወንድሜ የተማረ ሰው ነው፣ ይዋሻል እንዴ አልኳት።

ብዙው ልክ ነው። በዋዜማው እንደ ልማዳችን ከማዕዱ ጨርቅ ስር የሚነሰነሰውን ድርቆሽ አልረሳህም። እናታችን ሳህኖቹን ስትደረድር አንተ ከእግሯ ስር ሆነህ ይኼ ለምን፣ ያ ለምን እያልክ ታደክማት ነበር። የሟቹ አባታችን ሳህን ላይ ሻማ አኖረች፤ ለሞተ ሰው ማንኪያ አይቀመጥም ብላህ ማንኪያ አላደረገችለትም። ማንኪያ ያደረገችበት ትርፍ ሳህን ሩሶቹን ሊዋጋ ጫካ ገብቶ ለነበረው ለታላቅ ወንድማችን ለሊዩዳስ ነበር። ጎተራው ውስጥ ተደብቆ ማዕዱ የሚጀመርባትን የመጀመሪያዋን ኮከብ ይጠብቅ ነበር። ሰው ከጠየቃችሁ ለሞተችው አያታችን ነው በሉ ብላ አስጠናችን።

ሊዩዳስን የሚያሳድዱት ታጣቂዎች መጡ። እናታችንን ምድር ቤቱን አስከፍተው ሊፈትሹ ወሰዷት፤ አንዱ ከእኔና ከአንተ ጋር ቀረ። ፊልምህ ላይ ሰውየው ያ ሳህን የማን ነው ሲል የዘጠኝ ዓመቷ ልጅ የአያቴ ትላለች። ከዚያ ደግሞ አዋቂ መስላ፣ ለሞተ ሰው ማንኪያ አይቀመጥም፣ ይኼ የሊዩዳስ ነው ትለዋለች። ሰውየው ስቆ ወደ ጎተራው ይወጣል።

የሊዩዳስን ሬሳ በሦስተኛው ቀን ገበያ መሐል አስጥተውት ነበር። እኔና እናታችን እንደማናውቀው ሆነን አለፍን። ዓይኑ አልተከደነም። ይህን ፊልምህ ላይ አላየሁትም፤ አንተ ቤት ቀርተህ ነበር። ዛሬም በየዓመቱ በዋዜማው ማዕዱን ሳላነሳ ለሙታን ትቼው እተኛለሁ። ጠዋት መጀመሪያ የማየው የእሱን ሳህን ነው፤ እንደ ሕያው ሰው ሳህን ማንኪያ ተቀምጦበት እንዳይሆን እፈራለሁ።

እናታችን ማን ተናገረ ብላ ስትጠይቅ፣ እኔ ነኝ ያልኳት እኔው ነኝ። ይህን ጻፈው፣ እውነት ነው። ስትጠይቀን አንተ ምድጃው አጠገብ እንቅልፍ ወስዶህ ነበር። ከዚያ ወዲያ እስክትሞት በስሜ አልጠራችኝም። ከትምህርት ቤት ስታስወጣኝ መምህሩ ቢለምናት፣ የሷ አፍ ያለ ፊደልም በቅቶናል አለችው። አንተን ግን ላሟን ሸጣ አስተማረችህ። ደግ አደረገች።

ስለ ከረሜላው ግን ልለምንህ። ሰውየው ሲወጣ ለትንሹ ልጅ በቀይ ወረቀት የተጠቀለለ ከረሜላ የሚሰጥበትን ቦታ ሰው ሁሉ አመስግኖልሃል፤ ጨካኝም ርኅራኄ አለው ብለው ጽፈዋል። አንተም ጣዕሙ እስካሁን ከአፌ አልጠፋም፣ ለምን እንደ ሰጠኝ ግን አላውቅም ብለሃል። አትመርምረው። ልብህ ደካማ ነው። ለእኔ አልሰጠኝም፣ ይኸው ነው።

ስሜንም ይቅርታህንም ጻፍ። የምሕረት እናት ልብህን ታጽናልህ፣ ብዕርህንም ትባርክልህ።

ይህን ክረምት የምሻገረው አይመስለኝም። ስሞት ዋዜማው ላይ ሳህን አኑርልኝ፣ ሻማም አብራልኝ። ማንኪያ እንዳታስቀምጥ። ደንቡን ከዚያች ዋዜማ፣ ከአምስት ዓመትህ ጀምሮ ታውቀዋለህ።

ታላቅ እህትህ