ስለተደፈነው የወለል ዳርና ስለታገዱት የጽዳት ሠራተኛ

ለተከበሩ የመሥሪያ ቤቱ ኃላፊ
አርባ ምንጭ

ክቡር ሆይ፤ ጤናዎ እንደምን ሰንብቷል? የሲቀላ ሰፈራችን ሙቀት እኛን ተራዎቹን ቢያቀልጠንም፣ እርስዎን ግን የቢሮዎ አየር ማቀዝቀዣ በመልካም ጤንነት እንዲያቆይልን ከልብ እመኛለሁ። እኔ ባለፈው ሐምሌ የመሥሪያ ቤቱን የቪኒል ወለል ያነጠፍኩ ባለሙያ ነኝ። ወለሉ ዛሬ መሐሉ ላይ አብጦ መነሣቱን፣ በዚህም ሰበብ የጽዳት ሠራተኛዋ ወይዘሮ ልክነሽ ከሥራ መታገዳቸውን ሰምቼ፣ ስለ ፈጣኑ ፍትሕ በአደባባይ ላመሰግንዎ ወደድኩ።

1ኛ. ቪኒል ሲሞቅ ይለጠጣል። ስለዚህ በግድግዳው ዙሪያ የአንድ ሳንቲሜትር ክፍተት ትቼ፣ በላዩ የግድግዳውን ግርጌ የሚሸፍነውን ዞኮሎ ልመታበት ተዘጋጅቼ ነበር። የርክክብ ኮሚቴው ሰብሳቢ አቶ ሀብተሚካኤል ግን ጎንበስ ብለው እስክሪብቷቸውን በክፍተቱ አስገቡና፣ እስክሪብቶ የሚያስገባ ወለል መንግሥት እንደማይረከብ አስታወቁ። ለዚህ ጥልቅ ምርመራ ምስጋናዬ ይድረሳቸው።

2ኛ. ክፍተቱ በሲሚንቶ እንዲደፈን በቃለ ጉባኤ ተወሰነ፤ አምስት ሰዎች ፈረሙበት፣ ክቡርነትዎም አጸደቁት። ዕለቱ ዝናባማ ነበር፤ ሰብሳቢው ጋቢ ደርበው ስለነበር ስለ የካቲት ፀሐይ ያስረዳኋቸው ሁሉ ጆሯቸው አልገባም። እውነቱን ልናገርና፣ እኔም የርክክብ ወረቀቴን ለማግኘት ቸኩዬ ደፈንኩት። ያን ቀን እሺ ማለቴ እስከ ዛሬ ያሳፍረኛል።

3ኛ. የካቲት ገባ፤ ወለሉም መሄጃ ሲያጣ ወደ ላይ ተነሣ። ኮሚቴው ራሱን በራሱ መርምሮ ንጹሕ ሆኖ ሲያገኘው፣ ወይዘሮ ልክነሽ ውኃ አብዝተው ስለወለወሉ ነው ብሎ ደመደመ። ቪኒል የተመረጠው ውኃ ስለማይጠጣ መሆኑን ያው ኮሚቴ በግዢው ጊዜ በጽሑፍ አስፍሮ ነበር። አህያውን ፈርቶ ዳውላውን ማለት ይኸው ነው።

ያንን ኮሪደር አሥራ አንድ ዓመት በጉልበታቸው ተንበርክከው ያጸዱ እናት ጉዳያቸው የፊታችን ሰኞ በዲሲፕሊን ኮሚቴ ይታያል፤ ከተባረሩ በዚህ ዕድሜያቸው ማን ይቀጥራቸዋል? የዚህም ኮሚቴ ሰብሳቢ አቶ ሀብተሚካኤል መሆናቸውን ስሰማ ግን፣ ጥፋቱን ከሳቸው በላይ የሚያውቀው ስለሌለ ምርጫዎን አደነቅሁ። ቀልዱን ልተወውና፣ አንጀቴ አርሯል። ሰኞ እኔም እንድቀርብ ይፈቀድልኝ፤ ክፍተቱን በሲሚንቶ የደፈነው እጅ የኔ እንጂ የሳቸው አይደለም።

ለወንበርዎ ዕድሜን፣ ለኮሚቴዎችዎ መብዛትን እየተመኘሁ፣ ያበጠው ወለል በፈቀደልኝ መጠን ዝቅ ብዬ እጅ እነሣለሁ።

እንድሪያስ ዳልጮ
ወለል አንጣፊ

ማስታወሻ፦ ትናንት በደጃፍዎ የተለጠፈውን ማስታወቂያ አነበብኩ። ከታኅሣሥ ጀምሮ በግቢው አንዲት ጠብታ ውኃ ስለሌለ ባለጉዳዮች እንዲታገሡ በትሕትና ይጠይቃል። ማኅተሙ የመሥሪያ ቤቱ፣ ፊርማው የእርስዎ ነው። አንድ ቅጂ ለወይዘሮ ልክነሽ ሰጥቻቸዋለሁ።